ሠዓሊው የወደቀበት ፊልም

ሠዓሊው ገብረየስ ከፕራግ ሲመለስ ይዞት የመጣው ነገር ብዙ አልነበረም፤ አንድ ጥቁር ካፖርት፣ አገጩን በወጉ ያልሞላ ጢም፣ እንደ ሰዓት በእጅ እየተጠመዘዘ የሚሞላ አሮጌ የፊልም ካሜራ፣ እና “ኤክስፔሪመንታል” የሚል ቃል። ካፖርቱ ለአዲስ አበባ ክረምት ጠቀመው። ጢሙን እናቱ በሳምንቱ አስላጩት። ቃሉን ግን ምን እንደሚያደርገው አላወቀም። እናቱ “ልጄ፣ ጎረቤት ሥራው ምንድነው ብሎ ሲጠይቀኝ ምን ልበል?” ቢሉት ብዙ አሰበና “የሙከራ ፊልም ይሠራል በያቸው” አላቸው። የእናቱ ፊት ጠቆረ።

“አራት ዓመት ሙሉ ባሕር ማዶ ተምረህ፣ ገና ሙከራ ላይ ነህ?”

ገብረየስ ይህን ታሪክ በኋላ ዘመን ሲያወራ ሁልጊዜ ከዚህ ይጀምር ነበር። በሥራው ግራ ከተጋቡት ሰዎች ሁሉ እናቱ ይቀድማሉና።

የመጀመሪያ ፊልሙን በ1961 ዓ.ም. አዲስ አበባ ውስጥ በአንድ አዳራሽ አሳየ። የባሕር ዛፍ ጥላ ግድግዳ ላይ ሲወዛወዝ፣ አሥራ አንድ ደቂቃ። በአራተኛው ደቂቃ ላይ ፊት የተቀመጡ አንድ ሽማግሌ በትሕትና ዞረው “ልጄ፣ መኪናው ሳይበላሽ አልቀረም፤ እስቲ ነካካው” አሉት። በዘጠነኛው ደቂቃ አዳራሹ ውስጥ የቀረው ዘበኛው ብቻ ነበር፤ እሱም የቀረው ቁልፉ እጁ ላይ ስለሆነ ነው።

መቼም ሰው የራሱን ጥፋት ከሚያምን አገር ሁሉ ደንቁሯል ብሎ ቢያምን ይቀለዋል። ገብረየስም ጥፋቱን በአዲስ አበባ ሰው ላይ ጣለ። የከተማ ሰው በወሬና በሹም ሽር ዓይኑ ታውሯል፤ ያልተበረዘ ዓይን ያለው ገበሬው ዘንድ ነው፤ ስለዚህ ወደ ገበሬው ልሂድ አለ። ገበሬ ግን አያውቅም። ተወልዶ ያደገው አራት ኪሎ ነው፤ ከበሬ ጋር የነበረው ትውውቅም ከቁርጥ ቤት አያልፍም።

አንድ የውጭ አገር የባህል ተቋም “ጭጋግና ዝምታ በሱሉልታ” የሚል ጽሑፉን አይቶ አሥራ ሁለት ጥቅል ፊልም ሰጠው። አንዱ ጥቅል ሦስት ደቂቃ አይሞላም። ገብረየስ በግንቦት መጨረሻ በፍቼ አውቶብስ ተሳፍሮ፣ እንጦጦን ተሻግሮ፣ ሱሉልታ ወረደና ከከድሩ ሱቅ ጀርባ አንዲት ክፍል ተከራየ።

ከድሩ አባቱ ከስልጤ መጥተው ሱሉልታ የከተሙ ነጋዴ ነው። ጨው፣ ላምባ፣ አቡጀዲና ገመድ ይሸጣል፤ ከሱቁ ጎን የእህል መጋዘን አለው። ገብረየስን ካፖርቱን አይቶ በመጀመሪያው ቀን እንደ ፈረንጅ “ሙሴ” አለው፤ ስሙን ከነገረውም በኋላ አልተወውም።

ገብረየስ በመጀመሪያው ሌሊት ዝምታውን ሊያዳምጥ አስቦ ተኛ። ጎሕ ሳይቀድ ወተት የሚያመላልሱ ሴቶች በአህያ ጭነት ተጣልተው አስነሱት። ከዚያ ውሾች ቀጠሉ። ከዚያ ቅዳሴ። ከዚያ የከድሩ ሱቅ በር ላይ ሁለት ሰዎች በአንድ የጠፋ ወይፈን እስከ ረፋድ ተከራከሩ።

“እዚህ አገር ዝምታ የት ነው የሚገኘው?” ብሎ ከድሩን ጠየቀው።

“ዝምታ?” አለ ከድሩ ጨው እየመዘነ። “ሱሉልታ ላይ ዝም የሚል፣ ግብር ክፈል የተባለ ሰው ብቻ ነው፣ ሙሴ።”

በሁለተኛው እሑድ እድርተኞች ከቤተ ክርስቲያን ሲወጡ ከአጥሩ ሥር ተሰበሰቡ፤ ገብረየስም እንዲናገር ተፈቀደለት። የእድሩ ዳኛ ኦቦ ኢተፋ ነበሩ። ረጅም፣ ቀጭን፣ ሳቃቸውን ከጢማቸው ሥር ደብቀው የሚይዙ ሽማግሌ ናቸው። አማርኛ ላልገባው ወደ ኦሮምኛ ሊተረጉሙ ከጎኑ ቆሙ። ገብረየስ ሃያ ደቂቃ ተናገረ። ስለ ብርሃን ተናገረ፤ ስለ ጊዜ ተናገረ፤ ተመልካቹና የሚታየው ስለሚለዋወጡበት ሥርዓት ተናገረ። ጨርሶ ላቡን ሲጠርግ ኦቦ ኢተፋ ወደ ሕዝቡ ዞሩና በኦሮምኛ አንዲት አጭር ዐረፍተ ነገር ወረወሩ። ሕዝቡ በሐዘኔታ ራሱን ነቀነቀ።

“ምን አሏቸው?” አለ ገብረየስ፣ አብሮት ወደ መጣው ከድሩ ጠጋ ብሎ።

“ይህ ልጅ የሚቀርጸው ነገር አጥቷል አሏቸው።”

ገብረየስ ደሙ ፈላ፤ እንዲህ ባለ ጊዜ ፕራግ ውስጥ ሁልጊዜ ጭብጨባ ያመጣለት የነበረውን ንግግር አወጣ። “ፊልሙ የእኔ አይደለም!” አለ። “የእናንተ ነው! እኔ እጃችሁ ነኝ። እናንተ ያላችሁትን ነው የምቀርጸው!”

የሚያጨበጭብ አልነበረም። ኦቦ ኢተፋ ግን ተርጉመው ሲያበቁ ትክ ብለው አዩት።

“እጃችሁ ነኝ አልክ?”

“አዎ፣ ኦቦ።”

“እጅ ያዘዙትን ይሠራል። አይከራከርም።”

“አልከራከርም።”

“ሃ ተኡ። እንግዲያው ይሁን። ተማክረን እንመጣለን፤ ሦስት ቀን ስጠን።”

ገብረየስ ሦስቱን ቀን ያሳለፈው ሊጠይቁት የሚችሉትን እየገመተ ነው። ፈረስ ጉግስ ይሉኛል፤ ሠርግ ይሉኛል፤ የእድሩን ዳኛ በቅሎ ላይ አስቀምጠህ ቅረጽ ይሉኛል። ያን ጊዜ እንዴት አለዝቦ ወደ ጭጋጉ እንደሚመልሳቸው በማስታወሻው ላይ ጻፈ። በዚያው ሰሞን ማንም ሳያየው በማለዳ እየወጣ አምስት ጥቅል ፊልም ጭጋግ ላይ ጨረሰ። በኋላ ታጥቦ ሲመጣ አምስቱም ከዳር እስከ ዳር ነጭ ነበር፤ ያልተቀረጸ ፊልም ነው ብሎ ቢያቀርበው የሚከራከረው አልነበረም።

በሦስተኛው ቀን የመጡት ሦስት ናቸው። ኦቦ ኢተፋ፤ ደጊቱ የምትባል አርባ ዓመት የተጠጋት ወተት ነጋዴ፤ ከኋላቸው ደግሞ ቦጂያ የሚባል፣ ሰላምታ ከመመለስ በቀር ቃል ያልተነፈሰ ጎልማሳ ገበሬ። ከከድሩ ሱቅ ደጃፍ አግዳሚ ላይ ተቀመጡ። የተናገረችው ደጊቱ ነች።

“ወንዙን ነው የምንፈልገው” አለች።

ለገ ዲማ የሚሉት ወንዝ ከከተማው የግማሽ ሰዓት መንገድ ነው። በበጋ ዶሮ ይሻገረዋል። ክረምት ሲገባ ግን ቀዩን አፈር ጠራርጎ እየጋለበ ይወርዳል፤ ወዲያ ማዶ ያለው ሰው ሁሉ እስከ መስከረም ታግቶ ይከርማል። የደጊቱ ወተት እዚያው ማዶ ይረጋል። ይህ እንኳ ቀላሉ ነው። በዐምናው ሐምሌ የደጊቱ ታናሽ እህት፣ የቦጂያ ሚስት ገለቴ፣ ምጥ ጠናባት። በቃሬዛ አድርገው ወደ ጤና ጣቢያ ይዘዋት ወጡ። ወንዙ ዳር ደረሱ። ውሃው እንዲጎድል ከጠዋት እስከ ዘጠኝ ሰዓት ጠበቁ። ገለቴም ልጁም እዚያው ዳር ላይ አለቁ።

ቦጂያ ይህ ሁሉ ሲነገር መሬት መሬት ያይ ነበር።

“ድልድይ ይሠራልን ብለን አራት ጊዜ ማመልከቻ አስገብተናል” አሉ ኦቦ ኢተፋ። “አራት ጊዜም ‘ጉዳያችሁ ይታያል’ ብለውናል። እኛም መከርንና፣ ይታያል ካሉ ምናልባት የሚታይ ነገር አጥተው ይሆናል፤ እንግዲህ የሚታይ እንስጣቸው አልን። እግዜር ደግሞ አንተን ከነመኪናህ ላከልን።”

ሰው የሆነ ሰው ይህን ሰምቶ የሚለው ‘እሺ’ ብቻ ነው። ገብረየስ ግን በዚያች ቅጽበት የታየው የፕራግ መምህሩ ፊት ነበር። ታሪክ፣ ለቅሶ፣ አቤቱታ፤ አራት ዓመት ሙሉ ናቁት ተብሎ የተማረው ሁሉ ተሰብስቦ መጣበት። ይህን በኋላ ሲናገር ጆሮው ይቀላ ነበር።

“ምናልባት” አለ፣ ወይዘሮ ለማለት በኦሮምኛ ‘አደ’ ብሎ እየጠራት፣ “ሰው ሳናስገባ ውሃውን ብቻ ብንቀርጽስ፣ አደ ደጊቱ? ውሃው ራሱ ይናገራል።”

ደጊቱ እንደ ታመመ ሰው አየችው። “ውሃው የሚናገር ቢሆን እኛ እርስዎ ዘንድ ምን እንሠራ ነበር?”

“እጃችን” አሉ ኦቦ ኢተፋ፣ ቀስ ብለው።

ገብረየስ አልተከራከረም።

ሐምሌ ገባ። ወንዙም እንዳሉት ሞላ። ገብረየስ ውሃው ሳይበረታ ወደ ማዶ ተሻግሮ እነ ደጊቱ ሰፈር አርፎ ነበር። በቀጠሮው ቀን ገብረየስ ካሜራውን ታቅፎ ለገ ዲማ ሲደርስ ሠላሳ የሚሆን ሰው ቀድሞት ነበር። ቃሬዛው ከባሕር ዛፍ እንጨትና ከጠፍር ተሠርቶ መጥቷል። ያን ቀን ቃሬዛውን የተሸከሙት አራቱም ሰዎች መጥተዋል። የጎደለው የሟቿ ቦታ ብቻ ነው። ሬሳ ሆኖ መተኛት ሟርት ነው ብላ አንዲት ሴት እንኳ እሺ አላለችም።

ገብረየስ ይህን ሲሰማ ተስፋ አቆጠቆጠለት። “ባዶ ቃሬዛ!” አለ። “እንዲያውም ባዶው ይበልጣል። የሌለ ነገር ምልክት—”

“እኔ እተኛለሁ” አለች ደጊቱ።

ከቤቷ አንድ አረንጓዴ ጥለት ያለው ነጠላ ይዛ መጥታ ነበር። የገለቴ ነው። ተከናነበችውና ቃሬዛው ላይ ተጋደመች። ሠላሳው ሰው ሁሉ ጸጥ አለ፤ ገብረየስ ሁለት ወር የፈለገውን ዝምታ ያን ጊዜ አገኘው፤ ግን መፈለጉን ረስቶት ነበር።

ካሜራውን በሦስት እግሩ ላይ አቆመና ማዘዝ ጀመረ። ተሸካሚዎቹ ከግራ ይምጡ አለ። ከግራ መጡ። ብርሃኑ ስለሚያምር ከሾላው ሥር ይቁሙ አለ። ሦስቱ ቆሙ። ቦጂያ ግን ቃሬዛውን እንደያዘ አልንቀሳቀስ አለ።

“ምነው?” አለ ገብረየስ።

“ያን ቀን እዚህ አልቆምንም” አለ ቦጂያ። ከሰላምታ ሌላ ድምፁን ሲሰማው ይህ የመጀመሪያው ነው። “እዚያ ነበርን። ከድንጋዩ ዘንድ።”

“እዚያ እኮ ብርሃን የለም።”

“ያን ቀንም አልነበረም።”

ካሜራው ወደ ድንጋዩ ተዛወረ። ከዚያ በኋላ አዛዡ ቦጂያ ሆነ። የት እንደቆሙ፣ ማን ውሃውን በዱላ እንደለካ፣ ማን ተስፋ ቆርጦ እንደተቀመጠ፣ አንድ በአንድ በጣቱ እያሳየ ነገራቸው። እነሱም ያንኑ ደገሙት። ገብረየስ የቀረለት ሥራ ካሜራውን መጠምዘዝ ብቻ ነበር። አንዴ ተጠምዝዞ ሲለቀቅ ግማሽ ደቂቃ ያህል ይሠራል፤ ከዚያ ይቆማል፤ እንደገና ይጠመዘዛል። ከቀሩት ሰባት ጥቅሎች በስድስተኛው ላይ ራሱም ሳያምን “ይህ ነገር እኮ ፊልም ነው” አለ።

ሰባተኛውና የመጨረሻው ጥቅል ሲገባ ግን የቆየ አመሉ ተነሳበት። ተሸካሚዎቹ ውሃውን አሻግረው የሚያዩበት ቦታ ላይ የቦጂያ ዐይን ትንሽ ከፍ ቢል የሰማዩ ነጸብራቅ ያርፍበታል ብሎ አሰበ። ካሜራው እየሠራ እንዲቆይ ቁልፉን ቆለፈና፣ ከፊት ለፊቱ ዞሮ፣ ወደ ወንዙ ጀርባውን ሰጥቶ፣ እጁን ወደ ሰማይ አንሥቶ “እዚህ! እዚህ ተመልከት፣ ቦጂያ! ከፍ!” እያለ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ሄደ። ሁለተኛ እርምጃ ሄደ። ሦስተኛውን የሄደው አየር ላይ ነው።

ውሃው ቀዝቃዛ ነበር። ካፖርቱ በአንድ ጊዜ ጠጥቶ እንደ ድንጋይ ጎተተው። አራት ኪሎ ዋና አላስተማረችውም፤ ፕራግም ወንዝ ቢኖራትም በድልድዩ ላይ ቆሞ ከማሰላሰል በቀር አልገባበትም። አፉ ቀይ ውሃ ሞላ። ጮኸ ይላሉ፤ እሱ ግን አያስታውስም። የሚያስታውሰው አንድ ነገር ነው፤ ውሃው ሲያገላብጠው ቀና ብሎ ሲያይ፣ ሟቿ ከቃሬዛው ብድግ አለች።

ደጊቱ ነጠላዋን ወገቧ ላይ ሸብ አደረገችና ቃሬዛውን ከተሸካሚዎቹ እጅ ነጠቀች። አንዱን ጫፍ ቦጂያ ይዞ ቀረ፤ ሌላውን ወደ ውሃው ሰደደችው። ገብረየስ ጠፍሩን ጨበጠ። ሁለቱ ጎተቱት። እንደ ዓሣ ዳር ላይ ተዘረጋና አስታወከ።

የመጀመሪያ ቃሉ “ካሜራው?” የሚል ነበር። ከዚህ ታሪክ ውስጥ በጣም የሚያፍርበት እሱ ነው፤ ስለ መውደቁ ሲያወራ ይስቃል፤ ስለዚች ቃል ሲያወራ ግን አይስቅም።

“ደህና ነው” አለች ደጊቱ፣ ቁና ቁና እየተነፈሰች። “ቆሞ ያይሃል።”

ከዚያ ቀን ወዲያ “እርስዎ” ብላው አታውቅም። ሳል ይዞት ሦስት ቀን ሲተኛ በየጠዋቱ ትኩስ ወተት እያመጣች “ጠጣ፤ የጠጣኸው ጭቃ ከሆድህ ይውጣ” ትለው ነበር።

ወንዙ ጎደል ባለ ቀን ገብረየስ ተሻገረ፤ ፊልሙም ለመታጠብ በባህል ተቋሙ በኩል ባሕር ማዶ ተልኮ በመስከረም ተመለሰ። ገብረየስ አዲስ አበባ ውስጥ ክፍሉን ዘግቶ አየው። የቦጂያ ድንጋይ ዘንድ የተቀረጸው ሁሉ ጥርት ብሎ ወጥቷል። ዱላው ውሃውን ሲለካ፣ የተቀመጠው ሰውዬ ራሱን በእጁ ሲይዝ፣ ነጠላው በነፋስ ሲነሳ። ትንፋሹን ዋጥ አድርጎ አየ። መጨረሻው ላይ ግን ካፖርት የለበሰ አንድ ሰው ከጎን ብቅ አለ። እንደ ቄብ ዶሮ እጁን እያራገበ ወደ ኋላ ሄደ፤ ሄደና ጠፋ። ካሜራው የተቆለፈ ስለነበር ምንም ሳያስቀር ሁሉንም ቀርጾታል።

ገብረየስ መቀሱን አነሣና ያችን ግማሽ ደቂቃ ቆርጦ አወጣት። ይጥላት ዘንድ ግን እጁ እምቢ አለው፤ በፖስታ አድርጎ ኪሱ ከተታት።

ቀድሞ ለባለቤቶቹ ማሳየት ስለነበረበት ፕሮጀክተርና ጄኔሬተር ተውሶ ሱሉልታ ወጣ። ከድሩ መጋዘኑን አስጠረገ፤ መስኮቶቹንና በሩን በጆንያ ደፈነ፤ ከጥቅሉ አንድ ነጭ አቡጀዲ ቆርጦ ግድግዳው ላይ ወጠረ። “ከጨረሳችሁ በኋላ እሸጠዋለሁ፤ እንዳታቆሽሹት” አለ። ጠዋት በሦስት ሰዓት መጋዘኑ ከአፍ እስከ ገደፉ ሞላ።

ፊልሙ ድምፅ የለውም። ድምፁን ሰዎቹ ራሳቸው ሰጡት። “ያው ገርባ! ገርባ ዱላውን ያዘ!” “ኧረ ጎንበስ በል!” እያሉ ጀመሩና ቃሬዛው ሲመጣ ዝም አሉ። ሴቶቹ ከንፈር መጠጡ። አንዲት አሮጊት በኦሮምኛ ሙሾ ነካ አደረጉ። ፊልሙ አለቀ፤ አቡጀዲው ነጣ። ገብረየስ ከፕሮጀክተሩ ጀርባ ቆሞ ልቡ በኩራት ሊፈነዳ ደረሰ።

“የወደቅክበት የታለ?” አለች ደጊቱ።

“ምኑ?”

“ወንዝ የገባህበት። መኪናው ቆሞ ያይህ ነበር እኮ።”

“ቆረጥኩት።”

“ለምን?”

“ፊልሙን ያበላሸዋል፣ አደ ደጊቱ። ሰው ይስቃል። ሐዘኑ ይጠፋል።”

ኦቦ ኢተፋ ከተቀመጡበት ጆንያ ላይ ቀና አሉ። “ፊልሙ የማን ነው ነበር ያልከን?”

“የእናንተ፤ ግን—”

“እኛ ቁረጥ አልንህ?”

ገብረየስ ስለ አርትዖት ሊያስረዳ አፉን ከፈተ። ደጊቱ አላስጨረሰችውም። ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ ለእሱ ብቻ እንደምትነግረው ሁሉ፣ “ገለቴን ማትረፍ አልቻልኩም” አለችው። “ስድስት ሰዓት ሙሉ አጠገቧ ተቀምጬ አልቻልኩም። አንተን ግን አወጣሁህ። እሱ ይግባ።”

ገብረየስ ፖስታውን ከኪሱ አወጣ። የከድሩ የሒሳብ ጠረጴዛ ላይ ጎንበስ ብሎ፣ መጋዘኑን በሞላው ሰው ዐይን ፊት፣ የቆረጠውን መልሶ አጣበቀ። ለብርሃን የተገለጠው የመስኮት ጆንያ ተመለሰ፤ የፕሮጀክተሩ መብራት በራ።

ካፖርታሙ ሰውዬ እጁን እያራገበ ወደ ኋላ ሲሄድ መጋዘኑ በሳቅ ፈረሰ። ሲጠፋ ደግሞ ጩኸቱ ባሰ። ከድሩ ግድግዳ ተደግፎ እንባውን ይጠርግ ነበር። ኦቦ ኢተፋ እንኳ ያን የደበቁትን ሳቅ መያዝ አቅቷቸው ጥርሳቸው ታየ። ገብረየስ ጨለማው ውስጥ እንደ ሽንኩርት ተላጠ።

ከሳቁ መካከል አንድ ድምፅ መጣ።

“ድገመው።”

ቦጂያ ነው። ከፊት ቆሟል። አልሳቀም።

ገብረየስ ፊልሙን በእጁ ወደ ኋላ አጠነጠነና ደገመው። ካፖርታሙ ወደቀ። ሰው ሳቀ። አረንጓዴ ጥለት ያለው ነጠላ የተከናነበችው ሴት ከቃሬዛው ብድግ አለች።

“ድገመው” አለ ቦጂያ።

በሦስተኛው ጊዜ የሚስቅ ሰው አልነበረም። ካፖርታሙን ያየው የለም። ሁሉም የሚያየው የቦጂያን ጀርባና፣ ከጀርባው ባሻገር አቡጀዲው ላይ፣ ቃሬዛዋን ትታ የምትነሣውን የገለቴን ነጠላ ነበር። ቦጂያ አራተኛ ጊዜ ድገመው አላለም። ጋቢውን አጣፋና፣ ማንንም ሳያይ፣ ጆንያውን ገልጦ ወደ ብርሃኑ ወጣ። ደጊቱ ተከተለችው። ገብረየስ ፕሮጀክተሩን ማጥፋት ረስቶ እስኪግል ድረስ እንደቆመ ቀረ። እጃችሁ ነኝ ብሎ የፎከረበትን ቀን አስታወሰና፣ እጅ የሠራውን ሥራ ትርጉም የሚያውቀው መጨረሻ ላይ ነው ማለት ነው ሲል አሰበ። ወዲያው ደግሞ ይህም ራሱ ለፕራግ የሚመች ንግግር መሆኑ ታወቀውና ተወው።

በጥቅምት እነዚያኑ ሦስቱን የእድር መልእክተኞች አስከትሎ፣ ወይም እነሱ እሱን አስከትለው፣ አዲስ አበባ ማመልከቻው ወደተኛበት መሥሪያ ቤት ሄዱ። ሰባት ባለሥልጣኖች በመጋረጃ በጨለመ ክፍል ተቀመጡ። ቃሬዛው ወንዙ ዳር ሲደርስ አንደኛው ሰዓቱን አየ። ገርባ ውሃውን ሲለካ ሁለተኛው አዛጋ። ደጊቱ ነጠላዋን ጠበቅ አድርጋ ይዛ ትጠብቅ ነበር። ከዚያ ካፖርታሙ ብቅ አለ፤ ሰባቱም ወንበራቸው ላይ ተቃኑ። ወደቀ። ክፍሉ በሳቅ ተናጋ። መብራት ሲበራ የመሥሪያ ቤቱ ኃላፊ መነጽራቸውን ይጠርጉ ነበር።

“ይህ ሰውዬ ማነው?”

“እኔ ነኝ፣ ጌታዬ” አለ ገብረየስ።

“ምን ትሠራለህ?”

“ሠዓሊ ነኝ። ፊልምም... ፕራግ ነው የተማርኩት።”

“በመንግሥት ነፃ ትምህርት?”

“አዎ፣ ጌታዬ።”

የኃላፊው ፊት ተለወጠ። ወደ ባልደረቦቻቸው ዞሩ። “እንዴ! የተማረ ሰው ሊሞት ነበር እኮ! መንግሥት ስንት ያወጣበት ሰው በአንድ ጉድባ ውሃ ይወሰድ? ይህ ቦታ አደገኛ ነው። በሉ መሐንዲስ ይሂድ፤ ዛሬውኑ ይጻፍ።”

ገብረየስ የሚገባበት ጠፋው። ሴትዮዋስ? ልጁስ? ሊል አፉን ሲከፍት ኦቦ ኢተፋ ክርኑን ጨመቁት።

“ዝም በል፣ ልጄ” አሉት ወደ ጆሮው ጠጋ ብለው። “ተመልሰህ ግባ ቢሉህም ግባ።”

መሐንዲሱ በእርግጥ ሄደ። ድልድዩም ተሠራ፤ ትንሽ ናት፣ ሁለት አህያ ጎን ለጎን አታሳልፍም፤ ግን የድንጋይ ናት። ፊልሙን መሥሪያ ቤቱ ለጉዳዩ ማስረጃ ብሎ አስቀረው፤ ከአንድ ቁም ሳጥን ወደ ሌላ ሲዘዋወር የት እንደገባ ሳይታወቅ ቀረ። ገብረየስ በሕይወቱ የሠራው አንድ ደህና ፊልም ይኸው ነው፤ ሰው አሳየን ሲለው በአፉ ከመተረክ በቀር የሚያሳየው የለውም። የጭጋጉ አምስት ጥቅል ግን እስከ ዛሬ በእጁ አለ።

ድልድዩ በቀጣዩ ግንቦት ተመረቀ። ከአዲስ አበባ የመጣ ሹም ረጅም ንግግር አደረገ፤ ኦቦ ኢተፋ ከጎኑ ቆመው በሦስት ቃል ተረጎሙት። ቦጂያ አልመጣም። ደጊቱ መጥታ ነበር፤ ንግግሩ ሳያልቅ ገበያ ረፈደብኝ ብላ ሄደች። ገብረየስ የድልድዩ መካከል ላይ ቆሞ፣ ካፖርቱን ለብሶ፣ ከበታቹ ገና ያልሞላውን ውሃ ይመለከት ነበር። የሆነ ትልቅ ነገር ሊሰማው ይገባ እንደነበር ያውቃል። ስሜቱ እስኪመጣ ጠበቀ።

ከኋላው የአህያ ኮቴ መጣ፤ የወተት ጣሳ ተንኳኳ። የማያውቃት አንዲት ወጣት ሴት አህያዋን ለመሳብ እየታገለች አየችው።

“ጋሼ፣ መንገድ ላይ ነዎት” አለችው።

“ይቅርታ” አለ ገብረየስ፤ ዞርም አለላት።